አማቶቼ ፊት ያልተነሳው ክንዴ

የወደፊት አማቱን ጉልበት ሊስም ጎንበስ ብሎ፣ ገና ሳይስም «ዋይ!» ብሎ የጮኸ ሰው አይታችሁ ታውቃላችሁ? ካላያችሁ እኔ ነኝ። ነገሩ የሆነው ባለፈው ዓመት ቴፒ ውስጥ ነው። ሚስቴ ወሬው በተነሳ ቁጥር ሆዷን ይዛ ትስቃለች። እኔ ግን ያን ቀን ፀሐይ እስክታዘቀዝቅ ድረስ አንዴም አልሳቅሁ።

መጀመሪያ ያኔ ማን እንደነበርኩ ልንገራችሁ። ኤርሚያስ እባላለሁ። ሚዛን ተፈሪ ከአባቴ የወረስኩት የቆርቆሮ፣ የምስማርና የቀለም ሱቅ አለኝ። ከተማው ውስጥ የምታወቀው ግን በምስማሬ ሳይሆን በዋናዬ ነው። ሐዋሳ ስማር ሐይቅ ዳር ከርሜ ዋና ለመድኩ። ተመርቄ ስመለስ ዲግሪዬን ሱቁ ግድግዳ ላይ ሰቀልኩት፤ ዋናውን ግን መስቀል አቃተኝ። በየማለዳው ከከተማ ወጣ ብሎ ወንዙ ሰፋ ብሎ ወደሚተኛበት ቦታ ወርጄ፣ ዋኝቼ፣ ሱቄን እከፍታለሁ። ጎረቤቴ ጋሽ ሸምሱ፣ ከጅማ መጥተው ሚዛን ላይ በጨርቅ ንግድ ያረጁ ሰው ናቸው፤ ፀጉሬ ርሶ ባዩኝ ቁጥር፣

«የሚዛን ዝናብ አልበቃህ ብሎ ነው ደግሞ ወንዝ የምትወርደው?» ይሉኛል።

አስቴርን ያወቅኋትም በዚሁ በውሃ ሰበብ ነው። ሚዛን የመንግሥት ሠራተኛ ናት። ለተከራየችው ቤት ቀለም ልትገዛ መጥታ፣ ቀለሙን ትታ ፊቴን ታይ ጀመር።

«‹ዓሣው› የሚሉህ አንተ ነህ?»

«ይሉኛል።»

«ዋና ታስተምራለህ?»

ቀለሙን ሳትገዛ ሄደች። በሚቀጥለው ቅዳሜ ጓደኛዋን አስከትላ ወንዝ ዳር መጣች። እንዲህ እንዲህ እያልን ዋና ለመደች፤ እኔም ሌላ ነገር ለመድኩ። ከመጀመሪያው ግን አንድ ነገር አስጠንቅቃኛለች።

«አባዬ ፊት የውሃ ወሬ እንዳታነሳ። ወንድሙን ወንዝ ወስዶበታል። እኛ ልጆቹ ስናድግ ወንዝ አይደለም፣ ሳፋ ውስጥ ስንንቦጫረቅ ካየን እንኳ ይቆጣ ነበር። እኔ እንደምዋኝ ቢሰማ አንድ ቀን አያድርም።»

ሽማግሌ የምልክበት ጊዜ ደረሰና ጋሽ ሸምሱን አስቀድሜ ቴፒ ወላጆቿ ዘንድ ላክሁ። የአስቴር አባት አቶ ወልዴ እንደ ወጉ «እንመካከርና መልስ እንሰጣለን» አላሉም። «ልጁን ራሱን አምጡልኝና ልየው» አሉ። ምክንያት ነበራቸው። የታላቅ ልጃቸው ባል ሲያገባ የኩላሊት ሕመሙን ደብቆ ነበር፤ ልጅቷ ያወቀችው ታሞ ጅማ ሲወሰድ ነው። አማቹ ታክሞ ድኗል፤ አቶ ወልዴ ግን ከመደበቁ አልዳኑም።

ቀጠሮው እሑድ ሆነ። እኔ ደግሞ ጭንቀት ሲይዘኝ የምዋኝ ሰው ነኝ። ያን ሳምንት ጠዋት ዋኘሁ፣ ሱቅ ዘግቼም ማታ ዋኘሁ። ወደ ሳምንቱ አጋማሽ ቀኝ ትከሻዬ ውስጥ የሆነ ነገር ይቆረቁረኝ ጀመር። ክንዴን ወደ ላይ ሳነሳ፣ ዘይት የራበው የበር ማጠፊያ እንደሚያደርገው ይይዘኛል። «ሲሟሟቅ ይለቀኛል» ብዬ ጨምሬ ዋኘሁ። አርብ በዚያ ጎን መተኛት አቃተኝ። ቅዳሜ ከሱቄ መደርደሪያ ቀለም ላወርድ እጄን ስሰድ ከሕመሙ የተነሳ ዓይኔ ላይ ብልጭ አለ። ፋርማሲ ሄጄ ማስታገሻ ገዛሁ። ባለሙያው «እረፍት ስጠው፣ ደግሞ ሐኪም ይየው» አለኝ። «ከነገ በኋላ» አልኩት።

እሑድ ጠዋት ከጋሽ ሸምሱ ጋር ሚኒባስ ተሳፈርን። በቀኝ በኩሌ ተቀምጠዋል። ሸኮን አልፈን መንገዱ እየተጠማዘዘ ወደ ቆላው ሲወርድ፣ በየመታጠፊያው መላ ሰውነታቸው ትከሻዬ ላይ ያርፋል።

«ምን ሆነሃል? ላብ አጠመቀህ እኮ።»

ነገርኳቸው። ወደ ትከሻዬ አዩ፣ ወደ ፊቴ አዩ።

«እኔ እኮ ለሰውየው ‹ልጁ እንደ ብረት ነው› ብያቸዋለሁ!»

«ብረት ነኝ፤ አንድ ጎኔ ዛገ እንጂ።»

«በል ዋና ነው ብለን እንንገራቸዋ።»

«አይሆንም! የውሃ ነገር እዚያ ቤት አይነሳም።»

«ታዲያ ምን እንበል?»

«ምንም አንበል። አይታወቅብኝም።»

ጋሽ ሸምሱ «ላ ሐውለ» ብለው ወደ መስኮቱ ዞሩ።

እንግዲህ የአገራችንን ሰላምታ ታውቁታላችሁ። ቀኝ ትከሻ ለቀኝ ትከሻ ነው፤ ወዳጅነቱ በበረታ መጠን ግጭቱም ይበረታል። አቶ ወልዴ ደግሞ ወጣትነታቸውን የቡና ጆንያ ተሸክመው ያሳለፉ፣ ደረታቸው የመጋዘን በር የሚያክል ሰው ናቸው። ግቢው በር ላይ ቆመው ጋሽ ሸምሱን ሲገጩ ድምፁ ተሰማኝ። ተራዬ ሲደርስ አንድ ዘዴ መጣልኝ፦ ጉልበታቸው ላይ መውደቅ! ጉልበት የሚስም ሰው ትከሻው አይገጭም።

ዘልዬ ወደ ጉልበታቸው ወረድኩ።

«ኧረ አይገባም ልጄ! ተነስ! ተነስ!» አሉና፣ በዚያ ጆንያ በለመደ እጃቸው ቀኝ ክንዴን ይዘው ወደ ላይ መዠረጡኝ።

«ዋይ!»

ከበረንዳው አስቴር አፏን በነጠላዋ ያዘች።

«ምነው?» አሉ አቶ ወልዴ።

«ደስ… ደስ ብሎኝ ነው» አልኩ። እንባዬ ደግሞ እውነተኛ ነበር።

እጅ ልታስታጥበኝ ስትመጣ አስቴር ጆግ ይዛ ጎንበስ አለችና በሹክሹክታ፣

«ዋና ነው አይደል?» አለችኝ።

«ነው።»

«ስንት ጊዜ ቀንስ ብዬሃለሁ! በል ዋጥ አድርገው።»

ማዕዱ ቀረበ። ለእኛ ቆጮና ሥጋ፣ ለጋሽ ሸምሱ ለብቻቸው ሽሮና ጎመን። እዚህ ላይ ዕድል ረዳችኝ። ቀኝ እጄ ያለ ድጋፍ ስለማይነሳ ክርኔን በግራ እጄ እየደገፍኩ ነበር የምቀበለው። ውሃ ሲሰጡኝ ክርኔን ደግፌ፣ ቆጮ ሲጨምሩልኝ ክርኔን ደግፌ። የአስቴር እናት እትዬ ብርቄ ዓይናቸው እንባ አቀረረ።

«ወልዴ፣ አየኸው? ክንዱን ሳይደግፍ አንድ ነገር አይቀበልም! በዚህ ዘመን እንዲህ ያለ ጨዋ ልጅ!»

ጋሽ ሸምሱ ሽሮው ትን አላቸው።

ደስታው ግን አልቆየም። እትዬ ብርቄ አጎረሱኝና፣ «በል አሁን አባትህን አጉርስ» አሉኝ። ጠቀለልኩ፤ ክርኔን ደገፍኩ፤ አነሳሁ። አቶ ወልዴ አፋቸውን ከፍተው ጠበቁ። እጄ ደረቴ ጋ ሲደርስ ቆመ። ወደ ላይ አይልም። እሳቸው አፋቸውን እንደከፈቱ ናቸው፤ እኔ ፈገግ እንዳልኩ ነኝ። በመጨረሻ ጉርሻው ወደ እሳቸው መሄዱ ቀርቶ እሳቸው ወደ ጉርሻው መጡ። ጎንበስ ብለው ጎረሱና፣ እያኘኩ፣ ዓይናቸውን ከትከሻዬ ላይ ሳያነሱ ቆዩ።

ቀጥሎ የመጣው ማር ነው። እትዬ ብርቄ ለጋሽ ሸምሱ ከጫካ የመጣ ማር ሊያቀርቡ ፈለጉ። ማሩ በፕላስቲክ ባልዲ ሆኖ ቁም ሳጥኑ አናት ላይ ተቀምጧል።

«ኤርሚዬ፣ አንተ ረጅም ነህ። እስቲ አውርድልኝ።»

ተነሳሁ። ባልዲውን አየሁት፤ እሱም ከላይ ሆኖ አየኝ። ደግሞ ለማንም ረጅም ሰው ክንዱን ዘርግቶ የሚደርስበት ቦታ ነው። ወንበር ሳብኩና ወጣሁበት።

«ኧረ ወንበር ምን ያደርግልሃል?» አሉ አቶ ወልዴ።

«ለ… ለጥንቃቄ ነው።»

በግራ እጄ ባልዲውን ሳብኩ። ከብዶ ተንሸራተተ። ቀኝ እጄ እኔን ሳያማክር ሊቀበለው ዘለለ። ከዚያ በኋላ የማስታውሰው የራሴን ጩኸት፣ ባልዲው ወለሉን ሲመታ፣ ክዳኑ ወደ አልጋ ሥር ሲሽከረከርና ያ የመሰለ ማር ቀስ እያለ ወደ ጋሽ ሸምሱ ጫማ ሲጓዝ ነው።

«ትከሻህን ምን ሆነሃል?» አሉ አቶ ወልዴ። ድምፃቸው አልጮኸም፤ አለመጮኹ ነው የባሰው።

ሦስታችንም እኩል መለስን።

«ከመሰላል ወድቄ ነው!» አልኩ እኔ።

«ብርድ ነው፣ የሚኒባስ መስኮት መቶት ነው!» አሉ ጋሽ ሸምሱ።

«ተጣሞ ተኝቶ ነው!» አለች አስቴር።

ከዚያ ሦስታችንም እኩል ተያየን።

«ሦስት ሰው፣ ሦስት ትከሻ» አሉ አቶ ወልዴ። ቀስ ብለው እጃቸውን ጠረጉ። «ሕመም ነውር አይደለም። ማንም ይታመማል። እኔን የሚያቃጥለኝ መሸፋፈኑ ነው። አንድ ጊዜ ልጄ ላይ ተሸፋፍኖብኛል። ሁለተኛ አልፈቅድም። ጋሽ ሸምሱ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ፤ ይህ ጉዳይ እዚህ ላይ ያበቃል።»

አንባቢዎቼ፣ ያኔ ትከሻዬ መታመሙን ረሳሁት። ሌላ ቦታ ነበር ያመመኝ። አፌን ልከፍት ስል አስቴር ቀደመችኝ። ማሩን ተሻግራ አባቷ ፊት ቆመች።

«አባዬ፣ ዋና ነው።»

«ምን?»

«ዋና። ኤርሚያስ በየቀኑ ይዋኛል። አብዝቶ ነው ትከሻው ያበጠው። እንዳይናገር ያልኩት እኔ ነኝ።» ትንፋሿን ሳበች። «እኔም እዋኛለሁ። ያስተማረኝ እሱ ነው።»

አቶ ወልዴ ተነሱ፣ ባርኔጣቸውን ከምስማሩ አወረዱና ወጥተው ሄዱ።

እትዬ ብርቄ እጃቸው ማር እንደያዘ በርከክ ብለው ቀሩ። «ምነው ልጄ! ምነው በውሃ!» ይላሉ። አስቴር አጠገባቸው ቁጭ ብላ ማሩን በጨርቅ ትጠርጋለች፤ ማሩ አይደርቅም፣ እሷም ለቅሶዋን አታቆምም። ጋሽ ሸምሱ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብለው፣

«ሚኒባስ ሳያልቅ እንውጣ?» አሉኝ።

«እኔ ሳያሰናብቱኝ አልወጣም።»

«አሰናብተውናል እኮ!»

«እርስዎን ነው። እኔን ገና ምንም አላሉኝም።»

ይህን ጀግንነት ከየት እንዳመጣሁት አላውቅም። ቁጭ ብለን ጠበቅን። ጉንዳኖች ማሩን አግኝተው ሰልፍ ይዘው ሲገቡ አየሁ፤ ከዚያ ቤት የቀናቸው እነሱ ብቻ ነበሩ። ዝናብ መጣ፣ ቆርቆሮውን ደበደበ፣ አባራ። በመጨረሻ አቶ ወልዴ ርሰው በሩ ላይ ቆሙ።

«አንተ፣ ና ተነስ።»

አስቴር አብራ ልትነሳ ስትል በእጃቸው አስቆሟት።

ሁለታችን ብቻ በቡናው መሃል ሄድን። እሳቸው ከፊት፣ እኔ ከኋላ። ከጥላ ዛፎቹ ውሃ ይንጠባጠባል። ኮረሪማው ሥር ሥር እየረገጥን ቁልቁል ስንወርድ የወንዝ ድምፅ ሰማሁ። አቶ ወልዴ ከወንዙ ብዙ እርምጃ ሲቀራቸው፣ አንድ ነገር እንደያዛቸው ሁሉ ቆሙ።

«እዚህ ነው» አሉ። «ከዚህ ወዲያ እግሬ አይሄድም። ታናሼ ነበር። ታምራት ይባላል። ከወባ ገና መነሳቱ ነው፤ ሰውነቱ አልጠነከረም። ጓደኞቹ ማዶ ሆነው ‹ወንድ ከሆንክ ተሻገር› አሉት። አጠገቡ ነበርኩ። ፊቱን አየሁት። እንደማይችል ያውቃል፤ ግን አፈረ።»

ወንዙ ያን ያህል ሰፊ አልነበረም። ደህና ትከሻ ቢኖረኝ ቶሎ እሻገረዋለሁ። ይህን እያሰብኩ ሳለ አቶ ወልዴ ዞር አሉ።

«ማዶ ድረስ ትዋኛለህ?»

«አሁን?»

«አሁን። ልጄን ውሃ አስተምረሃል። ውሃውን ምን ያህል እንደምታውቀው ልይ።»

እዚህ ላይ ነው ሕይወቴ የተጠመዘዘው። አእምሮዬ ሁለት ሆነ። አንደኛው «ግባ! ልጅቷን ታገኛታለህ!» ይላል። ሁለተኛው ምንም አይልም፤ ትከሻዬ ላይ ተቀምጦ ይጠዘጥዘኛል። እጄ የሸሚዜን ቁልፍ መፍታት ጀመረ። ሸሚዙ በመከራ ወለቀ። ካናቴራውን በግራ እጄ ከጀርባዬ ይዤ ወደ ላይ ሳብኩት። ጭንቅላቴ ጋ ሲደርስ ቀኝ ክንዴ እምቢ አለ። ወደ ላይ ብስብ አይወጣም፣ ወደ ታች ብመልስ አይወርድም። ሆዴ ለወንዙ ተራቁቶ፣ ፊቴ በካናቴራ ተሸፍኖ፣ አንድ እጄ ወደ ሰማይ፣ አንዱ ጎኔ ላይ ተጣብቆ ቆምኩ።

በዚያ ጨለማ ውስጥ ሆኜ ማሰብ ቻልኩ። ካናቴራ ማውለቅ ያቃተው ሰው ወንዝ ሊሻገር ነው?

«አባባ» አልኩ ከካናቴራው ውስጥ።

«አቤት።»

«አልችልም።»

«ምን አልክ? አልሰማሁህም።»

«አልችልም! በደህናው ቀን እሻገረዋለሁ፤ ዛሬ ግን አልችልም! ብገባ እሰምጣለሁ! ልጅዎን ቢከለክሉኝም አልገባም!»

ከወንዙ ድምፅ በላይ አንድ እንግዳ ድምፅ ሰማሁ። መጀመሪያ የሚያለቅሱ መሰለኝ፤ ቀጥሎ የሚስቁ መሰለኝ። እስከ ዛሬ ሁለቱም ነበር ባይ ነኝ። ያ ጆንያ የለመደ እጅ መጥቶ፣ ሕፃን እንደሚያለብስ ሰው ቀስ አድርጎ ካናቴራውን ወደ ታች መለሰልኝ። ዓይናቸው ቀልቶ ነበር።

«ይህቺን ቃል ወንድሜ አንድ ጊዜ ብቻ ቢላት ኖሮ…» አሉ፤ አልጨረሱትም።

«እርስዎ ግን ብገባ ኖሮስ?»

«እግርህ ውሃ ሳይነካ አንገትህን ይዤ ልመልስህ ተዘጋጅቼ ነበር። ልጄን ግን አልሰጥህም ነበር።»

ሲመልሱኝ በግራ ጎኔ ሆነው ነው የሄዱት። ስለ አስቴር ጠየቁኝ፤ ውሃው የት ድረስ እንደሚደርሳት፣ ብቻዋን ትገባ እንደሆነ። ሁሉንም ሳልቀንስ ነገርኳቸው። ቤት ስንገባ ሁሉም ተነሱ። አቶ ወልዴ ባርኔጣቸውን ሰቀሉና፣

«ልጁ ትከሻው ታሟል» አሉ። «ሌላው ደህና ነው። ጋሽ ሸምሱ፣ ይቀመጡና ጉዳያችንን እንጨርስ።»

«አልሐምዱሊላህ!» አሉ ጋሽ ሸምሱ። ከዚያ ወደ ጫማቸው አይተው፣ «ተነሱ ብትሉኝም አልችልም ነበር፤ ተጣብቄያለሁ።»

ሰኞ አስቴር እየጎተተች ሚዛን ሐኪም ቤት ወሰደችኝ። ፊዚዮቴራፒስቷ ክንዴን ወዲያ ወዲህ እያደረገች አየችውና፣ በደንብ ከሚዋኙ ሰዎች ብዙዎቹን የሚይዝ ሕመም እንደሆነ ነገረችኝ። ክንድ ከራስ በላይ በተወረወረ ቁጥር ጅማቱ በአጥንቶቹ መካከል ባለች ጠባብ ቦታ ይፋተጋል፤ ሲደጋገም ይቆጣል፣ ያብጣል፤ ሲያብጥ ቦታው ይበልጥ ይጠብበታል።

«ውሃው አይደለም ያሳመመህ» አለችኝ፣ «ሳታሳርፈው በድንገት እጥፍ ማድረግህ ነው። እያመመህ መዋኘትህ ደግሞ አባሰው። ሰውነትህን ወደ ጎን እያዞርክ ነው የምትዋኘው ወይስ በክንድህ ብቻ ነው የምትጎትተው?»

«በክንዴ ብቻ።»

«እሱም አለበት።»

ለሳምንታት ከውሃ ታገድኩ። በጨርቅ የተጠቀለለ በረዶ ያዝኩ። ሕመሙ ሲበርድ የትከሻና የጀርባ ጡንቻ ማጠንከሪያ ታዘዘልኝ፤ ለዚያም ከጎሚስታ ያረጀ ካላማዳሪያ፣ ያን የጎማ የውስጥ ላስቲክ፣ አምጥቼ፣ ሱቄ በር ላይ አስሬ በቀን በቀን እስበው ነበር። ምስማር ሊገዛ የመጣ ሁሉ «በሩ አልከፈት ብሎህ ነው?» ይለኛል። ወደ ውሃ የተመለስኩት በጥቂት በጥቂቱ ነው። መጀመሪያ ላይ አስቴር ትቀድመኝ ነበር፤ አሁንም አልፎ አልፎ ትቀድመኛለች፤ ይህን ግን እሷ ካላነሳችው እኔ አላነሳውም።

ተጋባን። እናንተ ይህን የምታነቡ፣ ከእኔ የምትወስዱት ነገር ካለ ይህ ነው፦ ሰውነታችሁ «በቃኝ» ሲላችሁ ለሰው ከመናገራችሁ በፊት እናንተ ራሳችሁ ስሙት። የምትዋኙ ከሆናችሁ ትከሻችሁ መቆርቆር ሲጀምር ቀንሱ፤ «ሲሟሟቅ ይለቀኛል» አትበሉ፤ ካልተሻለው ሐኪም ዘንድ ሄዳችሁ ታዩ። የማትዋኙም የየራሳችሁ ወንዝ አላችሁ፤ ማዶ ሆኖ «ወንድ ከሆንክ ና፣ ሴት ከሆንሽ ነይ» የሚላችሁ አይጠፋም። እኔ ያን ቀን «አልችልም» ማለት ያዋርደኛል ብዬ ነበር። ሚስት አገኘሁበት። አባትም ተጨመሩልኝ።

አቶ ወልዴ አሁን ወር ሳይሞላቸው ሚዛን ይመጣሉ። መጀመሪያ የመጡ ጊዜ ወንዙን ከሩቅ አዩት፤ ሁለተኛ ጊዜ ጠጋ አሉ። ሦስተኛ ጊዜ ሲመጡ የቡና ጆንያ የሚታሰርበት ወፍራም ገመድ በትከሻቸው ጠቅልለው መጡ። አንዱን ጫፍ ወገቤ ላይ በገዛ እጃቸው ቋጠሩ፣ ሌላውን ጫፍ ክንዳቸው ላይ ጠመጠሙ፣ ድንጋይ ላይ ተቀመጡና «በል ግባ» አሉኝ። አስቴርንም እንዲሁ ነው፣ በተራ። ስለዚህ በሚዛን በኩል ስታልፉ፣ ወንዝ ውስጥ እንደ ጥጃ በገመድ ታስሮ የሚዋኝ ጎልማሳ ብታዩ አትደንግጡ፤ ደህና ነኝ። ዳር ላይ ገመዱን የያዙትን ሽማግሌ ግን በቃል ብቻ ሰላም በሏቸው። እጃቸውን እንዲዘረጉ እንዳትጠይቋቸው፤ ገመዱን አይለቁትም።